የቀትሩ ጠብታ

ግንቦት 17 ቀን 2008

ዕድሜዬ ሰባ አራት ነው። ልጄ ሳሌም ሰባ ስድስት ነው ትላለች። እኔ ስወለድ እሷ አልነበረችም። ልብሴን ራሴ አጥባለሁ። ጢሜን ያለ መስተዋት በዳሰሳ እላጫለሁ፣ ደም አይወጣኝም። ሽሮ እሠራለሁ። ግቢ ካለው ሮቶ ውሃ ቀድቼ ሳላፈስ እገባለሁ። አስፋልቱ ላይ የሚያልፈው አይሱዙ ይሁን ሲኖትራክ ተኝቼ በድምፁ እለያለሁ። ዕድሜውን ሙሉ የውሃ ቦቴ ሲነዳ የኖረ ሰው ይህን ካልለየ ምኑን ኖረው። መጻፍም እችላለሁ። በመሠረተ ትምህርት የተማርኩት ነው፣ ፊደሌ ትልልቅ ነው፣ ግን የኔ ነው።

ግራ ዓይኔ ከጠፋች ቆየች። ቀኟ ቀርታለች። ሳሌም ድሬዳዋ ነው የምትኖረው፣ ሰሞኑን እዚያ አንድ ክሊኒክ ወሰደችኝ። ሐኪሙ ዓይንዎ ውስጥ ግፊት አለ አለኝ፣ እንደ ጎማ። ጎማ ካልክ ገባኝ አልኩት። ይፈነዳል ወይ? አይፈነዳም፣ ከጠርዝ ወደ መሃል እየበላ ያጨልማል እንጂ። የጠፋው አይመለስም፣ የቀረውን ነው የምናድነው አለ። በሌዘር ትንሽ ቀዳዳ ይበሳልኛል። ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም ጠብታ አለ። ጠዋት፣ ቀትር፣ ማታ። እስከ ዕድሜ ልክ።

ሲስተር ኬሪያ የምትባል ነርስ ይህን ደብተር ሰጠችኝ። «አባባ፣ ጠብታውን ባደረጉ ቁጥር እዚህ ይጻፉ፣ እንዳይረሱ» አለች። እኔ አልረሳም። ደብተሩ ግን ወፍራም ነው። ባዶውን ማስቀመጥ ነውር ነው።

ግንቦት 19

ጠብታ ራሴ አደረግሁ። አንዷ ጉንጬ ላይ። አንዷ ጢሜ ውስጥ። አንዷ የገባች ይመስለኛል። እጄ ስለሚንቀጠቀጥ አይደለም፣ ብልቃጡ ትንሽ ስለሆነ ነው።

ግንቦት 22

ቀትር። ንፋስና አቧራ። የጎረቤቴ የኻድራ ቆርቆሮ ሲንኳኳ ቀሰቀሰኝ። በረንዳ ስወጣ ሮቶው ጋ አንዲት ሴት ቆማለች። ቢጫ ጄሪካን ይዛለች።

«ማን ነሽ?» አልኩ። «ውሃ ከሆነ ቅጂና ሂጂ፣ የምን መገተር ነው» አልኩ። ዝም።

የሻሿን አበባ አንድ በአንድ አየሁት። ቀይ ነው፣ ጠርዙ ነጭ። የራሴን የሸሚዝ ቁልፍ ማየት የማልችል ሰው። ንፋሱ የኻድራን ቆርቆሮ ሊገነጥል ሲል የሷን የሻሽ ጫፍ እንኳ አላነሳውም። ዓይኔን አሽቼ ሳይ የለችም። የውጭውን በር ሄጄ ነካሁት። ከውስጥ ተቀርቅሯል።

ለኻድራ አልነገርኳትም። ምን ብዬ?

ግንቦት 26፣ ድሬዳዋ

ሌዘሩ ዛሬ ተደረገ። ማታ ነው የምጽፈው፣ ሳሌም ቤት።

መጀመሪያ ሲስተር ኬሪያ ብሌን የምታጠብብ ጠብታ አደረገችልኝ። ትንሽ ቆይታ ደገመች። ግንባሬን እንደ ሚስማር ወጋኝ። ከዚያ ዓለም ጠቆረች። የድሬ ፀሐይ በመስኮት እየገባች፣ ለእኔ ግን መሽቷል። የሰው ፊት የለም፣ ነጭ ካፖርት ብቻ ወዲያ ወዲህ ይላል። «አባባ፣ አይፍሩ» አለች። «ማን ፈራ?» አልኩ። «እጄን ስለያዙኝ ነው» አለች። ለቀቅኋት።

አገጬን ማሽኑ ላይ አስቀመጡኝ። ቀይ ነጥብ አየሁ። ጠቅ አለ፣ ዓይኔ ውስጥ በላስቲክ እንደተመታ። እንደገና ጠቅ። አለቀ። ለዚህ ነው ያን ሁሉ ጊዜ እንቅልፍ ያጣሁት።

ጭለማው ገና አልተገፈፈም ነበር፣ ኬሪያ ሳሌምን በጎን ስታስተምራት ሰማሁ። «ዓይኑን አልገልጥም ካለ በጀርባው ይተኛ። በተዘጋው ዓይን ላይ፣ በአፍንጫ በኩል ጥጉ ላይ አንዷን ጠብ አድርጊ። ዓይኑን ሲገልጥ ራሷ ትገባለች። ለሕፃንና ለእልከኛ እንዲህ ነው የምናደርገው።» ሁለቱም ሳቁ። እኔ እንዳልሰማ ሆንኩ።

ሳሌም እዚሁ ቅር አለችኝ። እምቢ አልኩ። እናትሽ የሞተችበት ቤት ተዘግቶ አይከርምም አልኳት። አለቀሰች። እኔ ምን ላድርግ።

ግንቦት 29

ጅግጅጋ፣ ቤቴ ገባን። ሳሌም ለጥቂት ቀን አብራኝ ናት። ጠብታውን እሷ ታደርግልኛለች፣ አንድም አይፈስም። ሌላ ደግሞ የቁስል የምትባል ጠብታ አለች፣ እሷ ቶሎ ታልቃለች።

ዛሬ ረመዳን ገባ። ኻድራ የግመል ወተት ነጋዴ ናት፣ እንደ እኔ የትዳር ጓደኛዋ የሞተባት። ከባለቤቴ ከለተማርያም ጋር እህትማማች ነበሩ ማለት ይቻላል፣ በሁለታችን ግቢ መሃል ያለውን አጥር አስቀድደው ትንሽ የቆርቆሮ በር ያስገጠሙት እነሱ ናቸው። በረመዳን ገበያ የምትወጣው ወደ ማታ ነው፣ ቀትሩን ቤቷ ናት። ሳሌም እዚያች በር ላይ ቆማ ከእሷ ጋር ረጅም ሰዓት አወራች። ስጠጋ ስለ ወተት ዋጋ ሆነ።

ሰኔ 4

ሳሌም ወደ ድሬዳዋ ተመለሰች። ቤቱ ጸጥ አለ።

ቀትር ላይ ሴትየዋ መጣች። ከኋላዋ ሌሎችም አሉ፣ ሁሉም ባለ ጄሪካን፣ ተሰልፈዋል። ሐርተሼክ የስደተኛ ካምፕ ውሃ ስናደርስ የነበረውን ሰልፍ ይመስላል። ግን ያ ሰልፍ ይጮህ ነበር፣ ይገፋፋ ነበር፣ «ሹፌሩ ሞተ እንዴ» እያለ ይሰድበን ነበር። ይሄኛው ድምፅ የለውም። አቧራም አያነሳም።

ከደጃፍ ሆኜ ፊታቸውን አንድ በአንድ አየሁ። የምፈልገው ፊት የለም።

ሰኔ 13

የሰኔ ጾም ገባ። ሰው የቄስ ጾም ነው ብሎ ይበላል፣ እኔም እንደዚያ ነበርኩ። ባለቤቴ ለተ ግን አንድም ዓመት አላለፋትም። ከሞተች ወዲህ እኔ እይዝላታለሁ። እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህል ውሃ የለም።

ችግሩ ጠብታዋ ናት። በዓይን ትገባለች፣ ቆየት ብላ ጉሮሮ ላይ ትመራለች፣ እንደ ሬት። ዓይን ከጉሮሮ ጋር እንደሚገናኝ በዚህ ዕድሜዬ ነው ያወቅሁት። ከመረረ ገብቷል ማለት ነው። ከገባ ጾሙ ተፈታ። ስለዚህ የጠዋቱና የቀትሩ ይቅር። የማታው ይበቃል።

ለኻድራ በበሯ በኩል ነገርኳት፣ ጠይቃኝ ነው።

«እኛ ሼኩን ጠይቀናል» አለች። «የዓይን ጠብታ ጾም አያፈታም አሉን። የናንተ ቄስ ምን አለ?»

«አልጠየቅሁም።»

«ለምን?»

«ምን እንደሚለኝ ስለማውቅ።»

«አደር ወርቄ፣ ወላሂ አንተ ግመል ነህ። ግመልም እኮ ሲታመም አፉን ይከፍታል።»

አደር ማለት በሶማሊኛ አጎቴ ማለት ነው። ስትሰድበኝም በአክብሮት ነው።

ሰኔ 16

ሳሌም ደወለች። የቀትሩን አደረግህ? አድርጌያለሁ። ዋሸሁ። በጾም።

ሰልፉ በረንዳው ሥር ደርሷል። ጠብታ ባላደረግሁ ቀን ይቀርባሉ። ይህን ልብ ብያለሁ። ከኋላ ያሉት ፊታቸው አይለይም። ትንሽ ቢጠጉ ይለያል።

ሰኔ 18

ምን እንደምጽፍ አላውቅም። እንደሆነው ልጻፈው።

ከምሳ ሰዓት በኋላ ተኛሁ። ስነቃ በጀርባዬ ነኝ። ዓይኔን ስገልጥ ቀዝቃዛ ነገር ገባባት። ጉንጬ ረጥቧል። ጥቂት ቆይቶ ጉሮሮዬ መረረ።

ብልቃጧ ጠረጴዛው ላይ ናት። ክዳኗ ጥርቅም ብሎ ተዘግቷል። እኔ እንዲህ አጥብቄ አልዘጋም። ክፍሉ ውስጥ ማንም የለም። የውጭው በር ተቀርቅሯል። ስተኛ የወደቀችው ከዘራዬ ተነስታ ግድግዳው ላይ ተደግፋለች። ሰልፉ በረንዳው ላይ ነው፣ ሁሉም ፊታቸውን ወደ አልጋዬ አዙረዋል፣ አንድ ሰው አሁን ከመሃላቸው እንደወጣ።

ጾሜ ተፈታ። በማን እጅ?

ለተ በሕይወቷ እንዲህ ነበረች። እምቢ ያልኩትን ኪኒን ፈጭታ ወጥ ውስጥ ትጨምርብኝ ነበር። ስደርስባት «በላኸው አይደል?» ትላለች።

ሰኔ 19

ዛሬም። ልክ እንደ ትናንቱ። እጇ ቀሊል ነው።

ሰኔ 20

ቤተ ክርስቲያን ሄድኩ። የንስሐ አባቴን አየኋቸው። ሙት መድኃኒት ያደርጋል ወይ ብዬ ልጠይቅ አፌን ከፈትኩ። «ዓይንህ እንዴት ነው?» አሉኝ። «ደኅና ነው» ብዬ ተመለስኩ።

ከሰዓት ኻድራ ከአጥሩ ማዶ በስልክ ስታወራ ሰማሁ፣ በአማርኛ። «ተኝቷል። አዎ፣ ጥጉ ላይ። ይነቃል ብዬ ፈርቼ ነበር፣ ኧረ እንዴት ያንኮራፋል። እሺ ልጄ።»

«ማን ነው የሚያንኮራፋው?» አልኳት በአጥሩ ላይ።

«ፍየሌ ነው። ዓይኑን አሞት ነው፣ ለእንስሳት ሐኪሟ እየነገርኳት።»

«ፍየል ያንኮራፋል?»

«የኔው ያንኮራፋል።»

ኻድራ ፍየል መግዛቷን አልሰማሁም ነበር።

ሰኔ 23

መካከለኛዋን የቆርቆሮ በር በእኔ በኩል ቀረቀርኳት። ልፈትን ብዬ። ሙት በር አያግደውም።

ተኛሁ። ማንም አልመጣም። ዓይኔ ደረቅ፣ ጉሮሮዬ ደረቅ። ነገር ግን ስነቃ ሰልፉ ቤት ውስጥ ነው። ከአልጋዬ ግርጌ እስከ በሩ። የፊተኛዋን ሴት ጄሪካን እግሬ ሊነካው ይችል ነበር። እግሬን ሰበሰብኩ። ከኋላ፣ በሩ ጋ፣ አንዲት እንደ ለተ አጠር ያለች፣ ነጠላ የለበሰች ነበረች። አንገቴን ቀና አደረግሁ። ከሌሎቹ ትከሻ ኋላ ናት። ዞር በይ አልኩ። ዞር አላለችም።

ግንባሬን ያዘኝ። አምፖሉ ዙሪያ ቀስተ ደመና አለ። እስከ ማታ አልለቀቀኝም።

ሰኔ 24

ያቺን በር ከፈትኳት። የቀትሩ ጠብታ ተመለሰ። ለምን ትናንት እንዳልመጣች አልገባኝም። ምናልባት ቅር ብሏት ይሆናል። በር ዘግቼባታለሁና።

ሰልፉ ወደ ሮቶው ተመልሷል። ባለ ነጠላዋ የለችም። የትኛው እንደሚሻል አላውቅም። ጠብታውን የምታደርገዋን ብከለክላት ያቺኛዋ ትጠጋ ነበር? ሁለቱም ለተ ከሆኑ ለምን ይጣላሉ?

ይህን ሲያነብ ማንም አብዷል ይላል። ማንም አያነበውም።

ሰኔ 27

ቶሎ ነቃሁ። በጠባቧ እይታዬ መሃል አንድ ጣት አየሁ፣ ከዓይኔ በጣም ቅርብ። ጫፉ ሂና የተቀባ ነው፣ እንደ ደረቀ ደም። ከዚያ የለም። የቆርቆሮ ድምፅ ሰማሁ፣ ንፋስ ግን አልነበረም።

ለተ ሂና ተቀብታ አታውቅም። እዚያ ይቀቡ ይሆናል።

ሰኔ 28

ዛሬ አልተኛሁም። ዓይኔን ጨፍኜ በጀርባዬ ሆንኩ፣ አንኮራፋሁም። እጇን ልይዝ ነበር ሐሳቤ። ይዤ አልለቅም ብዬ።

የነጠላ ጫማ ድምፅ ቆርቆሮዋ በር ላይ ቆመ። ጫማ የማያደርግ እግር ሲገባ ሰማሁ። ብልቃጧ ተነሳች። የሰው ትንፋሽ፣ የጾመ ሰው ትንፋሽ። ከዚያ በጣም ቀስ ብላ «ቢስሚላህ» አለች።

ጠብታዋ ጥጉ ላይ አረፈች። ቀዝቃዛ ናት።

እጄን አላነሳሁም። ዓይኔን አልገለጥኩም። ክዳኑን አጥብቃ ዘጋች፣ ወጣች። ከዚያ ስገልጥ ጠብታዋ ገባች፣ ሌላም ውሃ አብሯት ወጣ። ለምን እንደሆነ አልጽፍም።

የማን ድምፅ እንደሆነም አልጽፍም። ጿሚ ሴት ናት።

ሰኔ 29

ዒድ ነው። ኻድራ ሐልዋ በሳህን ይዛ በበሯ መጣች።

«ቅቤ አለው» አለች። «ጾምህን እስክትፈታ አስቀምጠው።»

«እንኳን አደረሰሽ። ፍየሉ እንዴት ሆነ?»

«እየተሻለው ነው። ግን ግትር ነው።»

«ጠዋት ጠዋትስ ማን ያደርግለታል?»

ሳህኑን ሳትሰጠኝ ቆመች። «ጠዋት አይቻልም» አለች። «ጠዋት አይተኛም።»

«እንግዲያው ጠዋት ጠዋት ራሱ እንዲያደርግ ንገሪው።»

«ይሰማል?»

«ዛሬ ሰምቷል።»

ሳቀች። ሻሿን አፏ ላይ አድርጋ ነው የሳቀችው። ሂናዋን አየሁ። እሷም ማየቴን አየች።

ሰኔ 30

ጠዋት። አንዷ ቅንድቤ ላይ። ሁለተኛዋ ገባች። መረረ። ጾሙን የሚቆጥረው እግዚአብሔር ነው።

ሐምሌ 2

ሱቅ ሳሙና ልገዛ ገባሁ። ሁለት ሴቶች በሶማሊኛ ያወራሉ። ሶማሊኛ እዚህ ተወልጄ የማልሰማ ይመስላቸዋል? «ኻድራ ቀትር ቀትር ክርስቲያኑ ሽማግሌ ቤት ምን ትሠራለች?» አለች አንዷ። «ውሃ ልትቀዳ ነዋ» አለች ሌላዋ፣ ተሳሳቁ። «ከሐሜት ጸሎታችሁን አሳምሩ» አልኳቸው በሶማሊኛ። ሳሙናውን ሳልገዛ ወጣሁ።

ለኻድራ ልነግራት በሯ ድረስ ሄጄ ሳልነግራት ተመለስኩ። ታውቃለች። ወሬው ሳይደርሳት አይቀርም፣ ግን ቀትር ላይ መጣች። እኔም ተኛሁላት፣ አንኮራፋሁላት።

እስከ መቼ በሰው ስም እድናለሁ?

ሐምሌ 6፣ ድሬዳዋ

ሐኪሙ አየኝ። ግፊቱ ወርዷል። «ቀዳዳዋ ክፍት ናት፣ መሃሉ ተርፏል» አለ። ከዚያ «ጠርዙ ላይ ግን ትንሽ ተበልቷል፣ ከዚህ በፊት ያልነበረ። የዘለሉት ጠብታ አለ?» አለኝ።

ሳሌም አየችኝ። እሷ ቀትሩን ታውቃለች፣ ጠዋቱን አታውቅም። «አለ፣ የጠዋቱ» አልኩ። «ባይደረግ የሚሻል መስሎኝ ነበር።» ሳሌም አንገቷን ደፋች።

«የቀትሩ ጠብታ ነው ያተረፈዎት» አለ ሐኪሙ። «እሱም ቢቀር ኖሮ ዛሬ እየመራን ነበር የምናስገባዎት።»

ስንወጣ ሲስተር ኬሪያን በጎን ጠራኋት። «አንድ ጓደኛ አለኝ» አልኳት። «ዓይኑ እንደኔ ነው። ግቢው ውስጥ ሰው ያያል። ተሰልፈው የሚቆሙ፣ የማይናገሩ።»

አልሳቀችም። «ብዙ አባቶች ያያሉ» አለች። «ዓይን ማየት ያቆመችበትን ቦታ አእምሮ ባዶ አይተወውም፣ የራሱን ሰው ያቆምበታል። እብደት አይደለም። ግን ያፍራሉ፣ አይናገሩም። ለጓደኛዎ ይንገሩት።»

«የሞተ ሰውስ ያመጣል? ጠብቆ ቢያይ?»

ክንዴን ያዘችኝ። «የሚመጣውን እሱ አይመርጥም፣ አባባ። ግን ጠብታ ትቶ የሚጠብቅ ከሆነ የሚመጣው ጨለማ ነው። ይህንንም ይንገሩት።»

እነግረዋለሁ አልኳት።

ሐምሌ 8

ጅግጅጋ። ዝናብ አለ። ሰልፉ ዝናብ ውስጥ ቆሟል፣ ልብሳቸው አልራሰም። አእምሮዬ ነው ያቆማቸው ብዬ አየኋቸው። የፊተኛዋ ሴት ቀና ብላ አየችኝ። እስከ ዛሬ አይታኝ አታውቅም። እኔ ነኝ ያቆምኳት ካልኩ ማን ነው እንድታየኝ ያዘዛት?

ድሬዳዋ ሄጄ ከሳሌም ጋር እንድኖር ተነግሮኝ ነበር። እዚህ ያለብኝን ሳልከፍል አልሄድም አልኩ። ምን አለብህ አለች። እዚህ ልጻፈው፣ ሌላ ሰው እንዳይከፍልልኝ።

ለንስሐ አባቴ፦ ያልጠየቅሁት ጥያቄ። እሑድ እሄዳለሁ። መልሱን ባውቀውም ከሳቸው አፍ እሰማለሁ።

ለሳሌም፦ በስልክ ያልኳት ሁሉ። የጠዋቱን ለምን እንደተውኩት ጾም ብቻ እንዳልነበረ። ይህን በስልክ አልነግራትም፣ ፊት ለፊት ነው።

ለሲስተር ኬሪያ፦ ጓደኛ እንደሌለኝ።

ለኻድራ፦ ስሟ። ሱቁ በር ላይ በሶማሊኛ እናገራለሁ፣ ሴቶቹ ባሉበት፣ ዓይኔን ማን እንዳዳናት። ከተናገርኩ በኋላ ቀትር ላይ አትምጪ እላታለሁ። ይህኛው ይከብደኛል።

ለራሴ ዓይን፦ የቀትሩ ጠብታ፣ በራሴ እጅ። ብትፈስ ሌላ። እሷም ብትፈስ ሌላ።

ለለተ፦ ሳደርገው እሷን ፍለጋ ወደ ሰልፉ አለማየት።